የማይቸኩል ካሜራ

የኃይሌ ገሪማ ፊልም «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» የሚጀምረው ከንጋት ነው። አንድ የገበሬ ቤተሰብ ከጎጆው ጨለማ ውስጥ ይነሣል፣ ይጸልያል፣ ወደ ሥራው ይሰማራል። ሌላ ባለሙያ ቢሆን ይህን በግማሽ ደቂቃ ቋጭቶ ወደ ጠቡ፣ ወደ ልቅሶው፣ ወደ ደሙ በተጣደፈ ነበር። ኃይሌ ገሪማ አይጣደፉም። ካሜራቸው ደጅ ላይ እንደ ተቀመጠ ጎረቤት፣ ሰዉ የያዘውን ሥራ እስኪጨርስ ይጠብቃል። በሬ ሲጠመድ ጥምዱ እስኪያልቅ፣ ገበሬው እርፉን ጨብጦ ትልም ሲያወጣ ጫፍ ደርሶ እስኪዞር ያያል። ተመልካቹ መጀመሪያ ይሰለቻል፤ ቀጥሎ ይለምደዋል፤ እያደር ግን ሲያየው የቆየው ድካም ወደ ራሱ ትከሻ ይተላለፍበታል።

ስለ ማኅበራዊ ችግር ፊልም የሚሠራ ሰው ሞልቷል። ድህነትን፣ በደልንና ስደትን ማሳየት ካሜራ ለያዘ ሁሉ ቀላል ነው፤ እንዲያውም ከሚገባው በላይ ይቀላል። ከባዱ ነገር የተበደለው ሰው በራሱ አነጋገርና በራሱ እርምጃ ፊልሙ ውስጥ እንዲገባ ማድረግ ነው። ከ50 ዓመት በላይ የዘለቀውን የኃይሌ ገሪማን ሥራ ቀረብ ብሎ ለመረመረ ሰው የጥበባቸው ምሥጢር እዚህ ላይ ነው፦ ለሰው ጊዜ ይሰጣሉ። ጊዜ መስጠት ደግሞ በጎ ፈቃድ ብቻውን የሚያመጣው ነገር አይደለም፤ በጥሬ ፊልም፣ በሌንስ፣ በድምፅና በመቀስ የሚሠራ፣ ዋጋም የሚያስከፍል ሙያ ነው።

ኃይሌ የተወለዱት በ1946 ጎንደር ነው (በዚህ ጽሑፍ «ዓ.ም.» ካልተባለ በቀር ዘመኑ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ነው)። አባታቸው ገሪማ ታፈረ በጣሊያን ወረራ ዘመን የነበረውን የጎንደር አርበኞች ተጋድሎ «ጎንደሬ በጋሻው» በሚለው መጽሐፍ ያቆዩልን ጸሐፊ ናቸው፤ ተውኔትም እየደረሱ ለሕዝብ ያሳዩ ነበር። ልጅየው በ1967 ወደ አሜሪካ ተሻግረው በቺካጎው ጉድማን የድራማ ትምህርት ቤት ትወና ተማሩ። በ1970 ወደ ሎስ አንጀለስ አቅንተው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ የፊልም ተማሪ ሆኑ። በዚያ ትምህርት ቤት የነበሩት እነ ቻርልስ በርኔት፣ ጁሊ ዳሽና ቢሊ ዉድቤሪ ሆሊዉድ ጥቁር ሰውን የሚያሳይበትን መንገድ አንቀበልም ያሉ ወጣቶች ነበሩ፤ የፊልም ታሪክ ጸሐፊዎች ኋላ ላይ «የሎስ አንጀለስ ዐመፅ» የሚል ስም አወጡላቸው። ኃይሌ ከ1975 ጀምሮ በዋሽንግተን ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊልም እያስተማሩ፣ እየሠሩም ኖረዋል።

«ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ልብ ወለድ ነው። ዘጋቢ ፊልም ሠሪው ኃይሌ ግን ከማንኛውም ሥራቸው ይልቅ እዚህ ላይ ግልጥ ብሎ ይታያል። የተቀረጸው በ1974፣ የዩኒቨርሲቲው የክረምት ዕረፍት ላይ፣ በሁለት ሳምንት ያህል ጊዜ፣ በ16 ሚሊሜትር ጥቁርና ነጭ ፊልም ነው። በስልክ እየቀረጸ ላደገ ወጣት የዚህ ትርጉም ወዲያው ላይታየው ይችላል። የ16 ሚሊሜትር ፊልም አንድ ትልቅ ጥቅል ርዝመቱ 400 ጫማ ነው፤ በሰከንድ 24 ምስል እየበላ በ11 ደቂቃ ያልቃል። «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» 2 ሰዓት ተኩል ይፈጃል። አንዲት ምስል ሳትባክን ተቀርጾ ነበር ብንል እንኳ 14 ጥቅል ይጠይቃል፤ ሳይባክን የሚቀረጽ ፊልም ደግሞ የለም። ጥሬ ፊልሙም፣ እጥበቱም፣ ቅጂውም ገንዘብ ነው። የተማሪ ኪስ ደግሞ ይታወቃል።

እንዲህ ያለ እጥረት ያለበት ሠሪ ብዙውን ጊዜ የሚመርጠው በአጭር በአጭሩ እየቀረጹ መቆጠብን ነው። ኃይሌ ተቃራኒውን መረጡ። ያለቻቸውን ጥቂት ፊልም ሰው ሲራመድ፣ ሲያርስ፣ ደጅ ሲጠና ላይ አዋሏት። የአንድ ሠሪ እምነት የሚለካው ብርቅ የሆነበትን ነገር በምን ላይ እንዳዋለው ነውና፣ በዚያ ፊልም ውስጥ እያንዳንዱ ረጅም ትዕይንት የተከፈለበት ውሳኔ ነው። ተመልካቹ የጥቅሉን ዋጋ ባያውቅም ክብደቱ አይጠፋበትም፤ ማንም ተሻግሮት ሊሄድ የሚችለው ትልም እዚህ እስከ ዳር ይዘለቃል።

ሌንሱንም ማየት ያስፈልጋል። ከሩቅ አቅርቦ የሚያሳይ ረጅም ሌንስ ርቀትን ይደፈጥጣል፤ ወደ ካሜራው የሚመጣ ሰው እግሩ ሲንቀሳቀስ ይታያል እንጂ ሲቀርብ አይታይም። ሰዎች ሰፊውን ሜዳና ተረተሩን በሚያቋርጡበት ጊዜ ኃይሌ ይህን የሌንስ ጠባይ ይጠቀሙበታል። መሄዳቸውን እናያለን፤ መድረሳቸው ግን ይናፍቀናል። ዕድሜውን ሙሉ ሠርቶ ከነበረበት ፈቀቅ የማይል ጭሰኛ ኑሮው ምን እንደሚመስል ያለ አንድ ቃል ማብራሪያ ይገባናል። ረጅም ሌንስ ሌላም በረከት አለው፦ ካሜራው ራቅ ስለሚል የሚቀረጸው ሰው አይሸማቀቅም። የፊልሙ ተዋናዮች አብዛኞቹ መድረክ ረግጠው የማያውቁ ሰዎች መሆናቸውን ስናስብ ይህ ትልቅ ዘዴ ነው። በአንጻሩ ባለመሬቱ ወንበሩ ላይ ተደላድሎ ይታያል፤ እሱ አይንቀሳቀስም፣ ስድቡና ትእዛዙ ግን ሜዳውን ይሞላዋል። ከጎኑ ደግሞ ከበበ አለ፦ ለአገሩ የተዋጋ፣ መሬቱን የተነጠቀ፣ ሰው እንደ እብድ የሚያየው፣ እውነቱን ግን ከሁሉ አስቀድሞ የሚናገር። በመጨረሻ ባለመሬቱን የሚገድለው እሱ ነው። ፊልሙ ለዚህ ግድያ አያጨበጭብም፤ ከንጋቱ ጀምሮ የተጠራቀመው ድካም መውጫ ሲያጣ የት እንደሚደርስ ያሳያል።

የዚያን ዘመን ሌላ ፊልም ከዚህ ጋር ማስተያየት ይጠቅማል። በጥቅምት 1973 እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ የወሎን ረኃብ ቀርጾ ለአገሩ ቴሌቪዥን አቀረበ። ዓለምን ያስደነገጠ፣ እርዳታም ያስገኘ ሥራ ነበር። ዓመት ሳይሞላው ደርግ ይህንኑ ፊልም ወስዶ፣ ከቤተ መንግሥቱ ድግስ ምስል ጋር አቀላቅሎ፣ መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. በዘመን መለወጫው ምሽት በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን አሳየው። በማግስቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወረዱ። አንድ ዓይነት ምስል ለንደን ላይ ምጽዋት ሰበሰበ፤ አዲስ አበባ ላይ ደግሞ ዘውድ ጣለ። ምክንያቱ ግልጽ ነው። ጣር ላይ ያለ ሰው ገጽታ ስሙ፣ ሥራውና ንግግሩ አብሮት ካልመጣ፣ መቀስ የያዘ ሁሉ ለፈለገው ጉዳይ ይቆርጠዋል። የኃይሌን ገበሬ ግን እንዲህ መቆራረጥ አይመችም። ከትልሙ፣ ከበሬዎቹ፣ ከጸሎቱ ጋር አንድ ላይ ስለ ተሠራ ለብቻው ተነቅሎ አይወጣም።

እዚህ ደቡብ ጎንደር፣ ከሐሙሲት ወደ እስቴ በሚወስደው መንገድ አንበሳሜ ላይ የሚኖር ሰው ይህን ፊልም ሲያይ ከፓሪስና ከኒው ዮርክ ተመልካች የተለየ ዳኝነት አለው። ደራም ሆነ ፋርጣ፣ እስቴም ሆነ ፎገራ፣ ሞፈርና ቀንበር እዚህ ዛሬም የዕለት መሣሪያ ናቸው። ገበሬው መሬቱን ገምሶ፣ አይሞ፣ ሠልሶ ነው ዘር የሚያሳርፍበት። እርፍ የጨበጠ ሰው ሲያስመስልና ሲያርስ ልዩነቱን ለማወቅ እዚህ የፊልም ትምህርት አያስፈልግም፤ የትከሻው አያያዝ፣ ጅራፉን የሚያነሣበት ጊዜ፣ ትልሙ ጫፍ ላይ በሬዎቹን የሚያዞርበት ብልሃት ያጋልጠዋል። የኃይሌ አራሽ ይህን ፈተና ያልፋል። ካሜራው ረዘም ላለ ጊዜ ስለሚያየው ማስመሰያ ጊዜ አይኖረውም። አስመሳይን ተዋናይ የሚያድነው ቶሎ መቁረጥ ነው፤ እዚህ የሚያድነው የለም።

የዚህ አገር ሰው የሚያነሣው ክርክር ግን አለ። ይህን አካባቢ ያጠቃልል በነበረው በበጌምድር አብዛኛው ገበሬ ርስተኛ ነበር። ግብሩና የጉልተኛው ጫና ቢያስመርረውም፣ ከአያት ከአባት የወረደለት መሬት ነበረው፤ ርስት ሙግት ላይ ዕድሜውን የጨረሰ ሰው ታሪክ በየቤቱ ይነገራል። በፊልሙ ያለው ባለመሬትና ጭሰኛ ይበልጥ የሚመስለው የደቡቡን ሥርዓት ነው። ኃይሌ የሦስት ሺህ ዓመቱን ታሪክ በአንድ ወንበርና በአንድ ሜዳ ሲጠቀልሉት ይህ ልዩነት ይጠፋል። ሆኖም ፊልሙ የአንድ አውራጃ የመሬት ሪፖርት ልሁን አላለም። ገበሬዎቹ በሕልም እንደ በሬ ተጠምደው የሚገረፉበትን ትዕይንት ስናይ የሚናገረው ስለ ውል ዓይነት ሳይሆን፣ ሰው በሰው ላይ ስለ ሠለጠነበት ሁኔታ መሆኑ ይገባናል። ደግሞም ጊዜው ተዓምር የሚያሰኝ ነው። ኃይሌ ያን ሥርዓት ቀርጸው በወራት ውስጥ፣ የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬትን የሕዝብ ያደረገው ዐዋጅ ወጣ። በ1976 ፊልሙ በሎካርኖ ፌስቲቫል ሲሸለም የሚያሳየው ዓለም በሕግ ፈርሶ ነበር። ልብ ወለዱ ሳያስበው ሰነድ ሆነ።

ስለ ኃይሌ ምስል ብዙ ተብሏል፤ የእሳቸው ብርቱ እጅ ግን ድምፅ ላይም አለ። የ«ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ሙዚቃ የኦርኬስትራ ኢትዮጵያው የተስፋዬ ለማ ነው፤ ክራርና ማሲንቆ ሰምቶ ያደገ ጆሮ የሚያውቀው ዓለም። ከተማሪ ቤት መመረቂያነት ተነሥቶ በ1979 ለእይታ በበቃው «ቡሽ ማማ» ውስጥ ደግሞ ድምፅ የጭቆናው ዋና መሣሪያ ሆኖ እናገኘዋለን። ዶሮቲ የምትባል ጥቁር እናት ባሏ ታስሮባት በመንግሥት ድጎማ ትኖራለች። የድጎማ መሥሪያ ቤቱ ሰዎች ጥያቄ አንዱ በአንዱ ላይ እየተደራረበ፣ መንገድ ላይም ስትሄድ፣ ቤቷም ስትቀመጥ ይከተላታል። ቢሮክራሲ ሰው ጭንቅላት ውስጥ ሲገባ ምን እንደሚመስል ከዚህ የተሻለ የሠራ ፊልም ማግኘት ይቸግራል። ደጅ ጠንቶ ለሚያውቅ የእኛ አገር ሰውም ያ ጩኸት እንግዳ አይሆንበትም።

የዚያው ፊልም መግቢያ የዘጋቢ ፊልም ሠሪን ዓይን በሌላ በኩል ያሳያል። ኃይሌና ባልደረቦቻቸው ሎስ አንጀለስ ጎዳና ላይ ሲቀርጹ ፖሊሶች አስቁመው ፈተሿቸው። ካሜራው ግን አልቆመም ነበር። ኃይሌ ያን ምስል ለክስ ወይም ለወሬ አላስቀመጡትም፤ የፊልማቸው መክፈቻ አደረጉት። ከዚያ በኋላ የዶሮቲ ታሪክ ልብ ወለድ ቢሆንም ተመልካቹ እንደ ልብ ወለድ ሊያየው አይችልም። አንዲት በአጋጣሚ የተገኘች እውነተኛ ምስል ከትክክለኛ ቦታዋ ስትገባ ሙሉውን ሥራ እንደምትሸከም ከዚህ የበለጠ ማስተማሪያ የለም።

ወደ ዘጋቢ ፊልሞቻቸው ስንመጣ የመጀመሪያው ትልቁ ሥራ በ1979 የወጣው «ዊልሚንግተን 10 – ዩ.ኤስ.ኤ. 10,000» ነው። በ1971 በሰሜን ካሮላይና፣ ዊልሚንግተን ከተማ በዘር ግጭት መካከል አንድ ሱቅ ተቃጠለ። ዘጠኝ ጥቁር ወንዶችና አንዲት ነጭ ሴት ተከሰሱ፤ በድምሩ 282 ዓመት ተፈረደባቸው። ፍርዱን የፌዴራል ይግባኝ ፍርድ ቤት የሻረው በ1980 ነው፤ የግዛቲቱ አገረ ገዢ ምሕረት የሰጡት ደግሞ በ2012 መጨረሻ። ፊልሙ የወጣው ይህ ሁሉ ገና ሳይሆን ነው። ውጤቱ ያልታወቀ ጉዳይ ላይ ሁለት ሰዓት የሚፈጅ ፊልም መሥራት ድፍረት ይጠይቃል። ኃይሌ የተጓዙት «ነገርን ከሥሩ፣ ውኃን ከጥሩ» በሚለው መንገድ ነው። የተከሳሾቹን፣ የቤተሰቦቻቸውንና የታጋዮቹን ቃል አስቀድመው፣ ጉዳዩን ከአሥሩ ሰዎች አልፎ ብዙ ሺህ ሰው ወደሚያስርና ወደሚያማርር ሥርዓት ያሰፉታል።

በ1985 ከሃዋርድ ተማሪዎቻቸው ጋር የሠሩት «አፍተር ዊንተር፦ ስተርሊንግ ብራውን» ለስለስ ያለ ነው። ስተርሊንግ ብራውን በዚያው ዩኒቨርሲቲ 40 ዓመት ያህል ያስተማሩ ባለቅኔና የሕዝብ ንግግር አዋቂ ነበሩ። እዚህ ላይ የሚደነቀው የፊልሙ መልክ ብቻ አይደለም፤ የአሠራሩም መንገድ ነው። ወጣት ተማሪዎች ካሜራና ድምፅ መቅጃ ይዘው አዛውንት መምህር ፊት ተቀመጡ፤ እየሠሩ ሰሙ፣ እየሰሙ ተማሩ። በኛ አገር ደቀ መዝሙር ቅኔ የሚማረው መምህሩ እግር ሥር ውሎ አድሮ ነው። ኃይሌ ዘጋቢ ፊልምን በዚህ መንገድ ሲያስተምሩ ለተማሪዎቻቸው የሰጡት የመጀመሪያ ትምህርት ጆሮ ነበር ማለት ይቻላል።

ከአብዮቱ በኋላ ወደ አገራቸው ጉዳይ ሲመለሱ የሠሩት «ኢምፐርፌክት ጀርኒ» በ1994 ለቢቢሲ የተዘጋጀ ነው። አብሯቸው የሚጓዘው ስለ ኃይለ ሥላሴ ቤተ መንግሥት መጽሐፍ የጻፈው ፖላንዳዊው ጋዜጠኛ ሪሻርድ ካፑሽቺንስኪ ነው። ከቀይ ሽብርና ከጦርነቱ የተረፈው ሕዝብ የተሸከመውን ጠባሳ እያዩ አገር ያቋርጣሉ። የፊልሙ ብልሃት ሁለት ዓይኖች በአንድ መንገድ ላይ መገናኘታቸው ነው። አንዱ እንግዳ ነው፤ መጠየቅ ያውቃል፤ የሚደነግጠውም እንደ እንግዳ ነው። ሌላው የአገሩ ልጅ ነው፤ ግን ብዙ ዓመት ርቆ የኖረ። አንድ ሰው ስለ ሞተበት ልጁ ሲናገር ማን እንደሚጠይቀው፣ በምን ቋንቋ እንደሚጠይቀው፣ መልሱ ካለቀ በኋላስ ካሜራው ይጠፋል ወይስ ይቆያል የሚለው ለኃይሌ የሙያ ጥያቄ ነው። የኛ ሰው ከባድ ነገር ሲነግር ዙሪያውን ሄዶ ነው የሚደርስበት። አስቀድሞ ፈጣሪን ያመሰግናል፣ ስለ ዝናቡ ያወራል፣ ከዚያ ነው ወደ ቁስሉ የሚመጣው። መግቢያውን ቆርጦ ቁስሉን ብቻ የሚያሳይ ሰው ንግግሩን ይገድለዋል።

በ1999 የወጣው «አድዋ፦ አን አፍሪካን ቪክትሪ» ግን በእኔ እምነት የዘጋቢ ሥራቸው ቁንጮ ነው። ችግሩን አስቡት። የሉሚዬር ወንድማማቾች በፓሪስ ገንዘብ ለከፈለ ሕዝብ የመጀመሪያውን ተንቀሳቃሽ ምስል ያሳዩት ታኅሣሥ 1895 መጨረሻ ላይ ነው። የአድዋ ጦርነት የተደረገው ከሁለት ወር በኋላ፣ የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ነው። የድሉ አንዲት ሴኮንድ እንኳ በፊልም የለችም። ብዙ ፊልም ሠሪ እንዲህ ያለውን ክፍተት በተዋናይና በሐሰተኛ ጢስ ይሞላዋል። ኃይሌ የሞሉት ሕዝቡ ራሱ ባስቀመጠው ነው፦ በሥዕል፣ በዘፈን፣ በአዛውንት ትረካ፣ በተራራው መልክ።

የአድዋን ሥዕሎች የያዙበት መንገድ ለብቻው ሊጠና ይገባዋል። በኛ የአሣሣል ልማድ ወዳጅ ሁለት ዓይኑ እየታየ ፊት ለፊት ይሣላል፤ ጠላት በጎን፣ አንድ ዓይኑ ብቻ ይታያል። ቅዱስ ጊዮርጊስ ነጭ ፈረሱ ላይ ሆኖ ከላይ ይመጣል፤ ንጉሡና ንግሥቲቱ በየቦታቸው፣ መድፍ፣ ጋሻና ጎራዴው በመካከል። ሥዕሉ በአንድ ጊዜ ሁሉንም ይናገራል። የካሜራ ሥራ ከዚህ ጥቅጥቅ ያለ ንግግር መካከል መንገድ መምረጥ ነው፤ ከአንድ ፊት ተነሥቶ ወደ አንድ እጅ፣ ከእጁ ወደ መሣሪያው፣ ከዚያ ወደ ሰማዩ። ዓይናችን በዚህ ጉዞ ላይ ሳለ ጆሯችን ቀረርቶና ትረካ ይሰማል። እንዲህ ሲሆን ሥዕሉ መጽሐፍ ማስዋቢያ መሆኑ ቀርቶ ምስክር ይሆናል። የታሪክ ፕሮፌሰርን ቃልና የባላገር አዛውንትን ቃል በአንድ ማዕድ ማቅረብም ከአባታቸው የወረሱት ይመስላል። ገሪማ ታፈረም ከአርበኞች የሰሙትን ነው መጽሐፍ ያደረጉት።

የዚህ ሥራ ተከታይ የሆነውን፣ ስለ 1928 ዓ.ም. የጣሊያን ወረራና ስለ አርበኞች የሚናገረውን ትልቅ ፊልም ለማዘጋጀት ኃይሌ አሥርተ ዓመታት ፈጅተዋል። እዚህ ላይ ችግሩ የአድዋው ተቃራኒ ነው። ምስሉ አለ፤ ግን የቀረጸው ወራሪው ነው። የፋሺስቱ መንግሥት የፊልም ተቋም የነበረው የሮማው ሉቼ ያን ክምችት ይዟል፤ የተወረረው ሕዝብ ልጅ የአያቶቹን ምስል ለማግኘት ከዚያ ደጅ ይጠናል። ጣሊያን በምሥራቅ አፍሪካ የመጨረሻውን እጅ የሰጠው ኅዳር 1934 ዓ.ም. ጎንደር ላይ መሆኑን ለሚያስታውስ የጎንደር ሰው ይህ ከባድ ምፀት ነው። ጠላት የቀረጸው ምስል ጠላት እንደ ፈለገው እንዳይናገር ማድረግ ደግሞ ከመቀስ ሥራ ሁሉ የከበደ ነው።

ሙያው የአንድ ሰው ብቻ እንዳይመስል ሳሌም መኩሪያን ማንሳት ይገባል። ቦስተን በሕዝብ ቴሌቪዥን የሳይንስ ዘጋቢ ፊልም ላይ ሠርተው፣ ኋላም በዌልስሊ ኮሌጅ ያስተማሩት ሳሌም በ1991 «ስደት» በሚለው ፊልማቸው ሱዳን የተጠለሉ ሦስት ሴቶችን ኑሮ አሳይተዋል። ከዚያ ቀጥሎ የመጣው «የወንዝ ማዕበል» የተማሪዎቹን ንቅናቄና የቀይ ሽብርን ዘመን ይመለከታል፤ ደብዛው የጠፋ ወንድማቸውንና የተገደለች የቅርብ ጓደኛቸውን እያሰቡ የሠሩት ነው። ደብዳቤ፣ ቃለ ምልልስ፣ የቆየ ምስልና ሥዕል በገዛ ድምፃቸው ይያያዛሉ። ኃይሌ ሰፊ ሜዳ ላይ ቆመው ሕዝብን ሲያዩ፣ ሳሌም ከአንድ ቤተሰብ ሣጥን ደብዳቤ አውጥተው ያነብባሉ። በ2003 በቬኒስ ቢየናሌ ባቀረቡት ሥራ ደግሞ ሦስት ምስል ጎን ለጎን አስቀምጠው፣ ተመልካቹ ራሱ ዓይኑን እያዘዋወረ እንዲያገናኛቸው አድርገዋል። ያንን ዘመን በአንድ ቀጥ ያለ መስመር መተረክ እንደማይቻል ለተረዳ ሰው ይህ አቀራረብ የጌጥ ጉዳይ አይደለም።

አድናቆት ዓይን ማሳወር የለበትም። ኃይሌ አንዳንዴ ለተመልካቹ ሊተዉለት የሚገባውን ራሳቸው ይናገሩበታል። በ2008 በቬኒስ ልዩ የዳኞች ሽልማትና የምርጥ ድርሰት ሽልማት፣ በ2009 በዋጋዱጉ ፌስፓኮ ታላቁን ሽልማት ያገኘው «ጤዛ» ይህ ጉድለት አለበት። ከጀርመን እግሩን አጥቶ ወደ ጣና አካባቢ ወደ ተወለደበት መንደር የተመለሰው ሐኪም አንበርብር፣ እናቱ ፊት ዝም ብሎ ሲቀመጥ ከማንኛውም ንግግር በላይ ይናገራል። የፖለቲካ ክርክሩ ሲጀመር ግን ገጸ ባሕርያቱ ሰውነታቸውን ትተው አቋማቸውን ያነብባሉ። ምልክቱም ይበዛል፤ አንድ ጊዜ ያየነው ነገር በሦስተኛው ሲደገም ክብደቱን ያጣል። የሚገርመው፣ ጉድለቱ የሚታየው ፊልሙ ከሐይቁ ዳር ርቆ ከተማ ሲገባና ሲቸኩል ነው። ለመሬትና ለሥራ የሚሰጡትን ጊዜ ለምሁራኑ ክርክር አልሰጡትም።

ፊልሙ ከተሠራ በኋላ ያለው መንገድም የሙያው አካል ነው። ስለ ባርነት የሚናገረው «ሳንኮፋ» በ1993 ሲያልቅ የአሜሪካ አከፋፋዮች አልፈለጉትም። ኃይሌና ባለቤታቸው፣ ራሳቸውም ዘጋቢ ፊልም ሠሪ የሆኑት ሺሪኪያና አይና፣ ሲኒማ ቤት እየተከራዩ ከከተማ ወደ ከተማ አሳዩት፤ ሕዝቡም ተሰልፎ አየው። በፊልሙ ስም የሰየሙት የመጻሕፍትና የፊልም ቤት ዋሽንግተን ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት ተከፈተ። ያ ፊልም በ2021 ታድሶ በኔትፍሊክስ ሲቀርብ፣ የአሜሪካ የፊልም አካዳሚ ሙዚየምም በዚያው ዓመት ኃይሌን ሲሸልም፣ ሥራው 28 ዓመት የኖረው በተመልካቾቹ እጅ ነበር። «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ም በማርቲን ስኮርሴዚ የሚመራው የፊልም ጥበቃ ተቋምና የቦሎኛው ሲኔማቴክ ተባብረው ስላደሱት ዛሬ በጥሩ ቅጂ ይታያል።

ዛሬ ደቡብ ጎንደር ካሜራ አጥቶ አይደለም። ፎገራ ያለችው አውራ አምባ በውጭ ሰዎች ብዙ ጊዜ ተቀርጻለች፤ ደብረ ታቦር የዩኒቨርሲቲ ከተማ ናት፤ የየቀበሌው ወጣት ኪስ ውስጥ ኃይሌ በ1974 ሊያልሙት የማይችሉት መቅረጫ አለ፤ ጥቅሉም አያልቅበትም። ያልተትረፈረፈው ትዕግሥቱ ነው። ፊልም ርካሽ ሲሆን ጊዜ ርካሽ ይሆናል የሚል ሕግ ግን የለም። ስለ ድርቅ፣ ስለ ተፈናቃይ፣ ስለ መሬት፣ ስለ ሴት ልጅ ጥቃት የሚቀርብልንን ማንኛውንም ዘጋቢ ፊልም በኃይሌ ሚዛን መመዘን ቀላል ነው። የተቀረጸው ሰው የጀመረውን ዐረፍተ ነገር ጨርሷል? የጀመረውን ሥራ ሲጨርስ ታይቷል? ወይስ እንባው እንደ ታየ ተቆርጧል? ዳኝነቱን ደግሞ ለፌስቲቫል ብቻ መተው አይገባም። «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» አንበሳሜ አዳራሽ ውስጥ አራሾች ፊት ቢታይ፣ «እዚህ ላይ ልክ ነው፣ እዚህ ላይ ርስታችንን ዘንግቷል» የሚል ክርክር ቢነሣ፣ ፊልሙ ከሎካርኖ ያገኘውን የሚያህል ክብር ያገኛል። ኃይሌ ያን ሁሉ ጥሬ ፊልም ትልም ላይ ሲያፈሱ የሠሩት፣ ትልሙን የሚያውቅ ሰው መጥቶ እንዲፈትሸው ነውና።